ስለ እርድ ማዳበሪያ ምርጫና ስለ ነጋዴው ድርሻ

በንግድ ሥራ ውስጥ የዕቃው ስም የተሳሳተ እንደ ሆነ ጉዳቱ በስሙ ላይ ብቻ አይቆምም፤ ወደ ዋጋው፣ ወደ አያያዙ፣ በመጨረሻም ወደ ገበሬው ማሳ ይዘልቃል። ለዚህ ከቅመማ ቅመም ንግድ ምሳሌ ቢፈለግ ሳፍሮን የሚባለው ይበቃል። በዓለም ገበያ በዚህ ስም የሚጠሩት ተክሎች ሦስት ናቸው። አንደኛው እውነተኛው ሳፍሮን ነው፤ ሁለተኛው በፈረንጆች መጻሕፍት «የህንድ ሳፍሮን» እየተባለ የሚጻፈው የእኛው እርድ ነው፤ ሦስተኛው «ሐሰተኛ ሳፍሮን» የሚል ስም የወጣለት፣ በአገራችን በጾም ወራት ለፍትፍት የሚሆነው ሱፍ ነው። ይህም ሱፍ ዘይቱ በየሱቁ ከሚሸጠው ከፈረንጅ ሱፍ የተለየ መሆኑ ይታወቃል። ሦስቱም ምግብን ቢጫ ስለሚያደርጉ በስም ተዘመዱ እንጂ በተፈጥሮ አንዱ ከሌላው አይገናኝም።

ታዲያ «በሞቃትና ዝናብ በሚበዛበት አገር ለሚበቅል ሳፍሮን የትኛው ማዳበሪያ ይሻላል?» ተብሎ ሲጠየቅ፤ ማዳበሪያ ሻጩ መልስ ከመስጠቱ በፊት ስለ የትኛው ተክል እንደ ተጠየቀ ማወቅ ይገባዋል። እውነተኛው ሳፍሮን ሽንኩርት ከመሰለ ሥር የሚወጣ ሐምራዊ አበባ ነው። ዋጋ ያላቸው በአበባው መካከል የሚገኙት ሦስት ቀያይ ክሮች ብቻ ሲሆኑ፤ አንድ ኪሎ ደረቅ ሳፍሮን ለማግኘት ከ100 ሺህ በላይ አበባ በእጅ ይለቀማል። ከዓለም ምርት እጅግ የሚበዛውን የምታቀርበው ኢራን ናት። ተክሉ ደረቁንና ሞቃቱን ወራት ከመሬት በታች አርፎ ያሳልፋል፤ ብርዱ ሲመጣ ያብባል። ስለዚህ ሙቀትና ዝናብ አንድ ላይ በሚውሉበት አገር ሥሩ ይበሰብሳል። ለእንዲህ ያለው ተክል በቴፒ ወይም በሚዛን አካባቢ ማዳበሪያ መምረጥ ለዓሣ ኮርቻ እንደ መምረጥ ይቆጠራል። በእነዚያ ወረዳዎች የሚበቅለውና ለገበያ የሚቀርበው እርድ ነው። እንግዲህ ጥያቄው በትክክለኛ ስሙ ሲቀርብ «ለእርድ የሚስማማው ማዳበሪያ የትኛው ነው?» የሚል ይሆናል።

እርድ በሸካ፣ በቤንች ሸኮና በአካባቢያቸው ባሉ ሞቃትና ዝናባም ወረዳዎች ይመረታል። የቴፒ የቅመማ ቅመም ምርምር ማዕከል «ዳሜ» የተባለውን የእርድ ዝርያ ለገበሬው አውጥቷል። ሥሩ በመሬት ውስጥ ከ7 እስከ 9 ወር ከቆየ በኋላ ተቆፍሮ ይወጣል፤ ይቀቀላል፤ ከዚያም በፀሐይ ይደርቃል። ከአምስት ኪሎ እርጥብ ሥር የሚገኘው ደረቅ እርድ አንድ ኪሎ ገደማ ነው። ይህ ደረቅ እርድ ከፊሉ በአገር ውስጥ ለአልጫ ወጥ ይውላል፤ ከፊሉም ወደ ህንድና ወደ ሌሎች አገሮች ይላካል። በማሳው ላይ የጎደለው ክብደት በላኪው መጋዘን ውስጥም መጉደሉ ስለማይቀር፤ የማዳበሪያው ነገር የገበሬው ጉዳይ ብቻ ተደርጎ ሊታይ አይገባም።

ማንኛውም ተክል ከአፈር በብዛት የሚፈልጋቸው ምግቦች ሦስት ናቸው፤ እነርሱም ናይትሮጅን፣ ፎስፎረስና በንግድ ስሙ ፖታሽ የሚባለው ፖታሲየም ናቸው። ናይትሮጅን ቅጠልን ያለመልማል፤ ፎስፎረስ ለሥር አጀማመር ይረዳል፤ ፖታሽ ደግሞ በቅጠል ውስጥ የተሠራው ምግብ ወደ ሥር ወርዶ እንዲከማች ያግዛል። ጤፍና ስንዴ ፍሬአቸው ከላይ ስለ ሆነ አንድ ነገር ይሻሉ፤ እርድና ዝንጅብል ሀብታቸው ከመሬት በታች ስለ ሆነ ሌላ ነገር ይሻሉ። እርድ ከአፈር ውስጥ ከሁሉ አብልጦ የሚወስደው ፖታሽን ነው፤ ናይትሮጅን ሁለተኛ፣ ፎስፎረስ ሦስተኛ ሆነው ይከተላሉ።

እርድን ለብዙ ዘመን ሲያመርቱ የኖሩት ህንዶች ይህን በቍጥር አስቀምጠውታል። የኬረላ እርሻ ዩኒቨርሲቲ ለአንድ ሄክታር እርድ የሚመክረው 30 ኪሎ ናይትሮጅን፣ 30 ኪሎ ፎስፎረስና 60 ኪሎ ፖታሽ ሲሆን፤ ከዚህ ሁሉ አስቀድሞ 40 ቶን የከብት ፍግ ወይም ብስባሽ በመሬቱ ላይ እንዲደረግ ያዛል። ይህ ቍጥር ለኬረላ አፈር የተሰጠ ስለ ሆነ እንዳለ ተገልብጦ ወደ ሸካ ማሳ ሊወሰድ አይገባውም። ከቍጥሩ የሚገኘው ትምህርት ግን ግልጽ ነው፤ ፍግ መሠረት ይሆናል፤ ከከረጢት ከሚገኘው ምግብ ውስጥ ደግሞ ፖታሹ የናይትሮጅኑን እጥፍ ይሆናል።

አሁን ወደ ባለሱቁ መደርደሪያ እንመልከት። የማዳበሪያ ከረጢት ወደ አገራችን ገበሬ በብዛት መድረስ የጀመረው በ1960ዎቹ ነው። በዚያ ዘመን የጭላሎ የእርሻ ልማት ድርጅት በአርሲ፣ ሌሎችም መርሐ ግብሮች በየጠቅላይ ግዛቱ ማዳበሪያን ያስተዋወቁት ለስንዴ፣ ለጤፍና ለበቆሎ ነበር። ከዚያም ለብዙ ዓመታት ለየትኛውም ሰብልና ለየትኛውም አፈር አንድ ምክር ሲሰጥ ቆየ፤ ይኸውም ለሄክታር 100 ኪሎ ዳፕና 100 ኪሎ ዩሪያ የሚለው ነው። ዳፕ ከመቶው 18 ናይትሮጅንና 46 ፎስፎረስ፤ ዩሪያ ከመቶው 46 ናይትሮጅን ስላላቸው፤ የዚህ ምክር ድምር 64 ኪሎ ናይትሮጅን፣ 46 ኪሎ ፎስፎረስና ምንም ፖታሽ ይሆናል። ይህ ለእህል ጠቅሞ ሊሆን ይችላል፤ ለእርድ ግን ናይትሮጅኑ ከኬረላው ምክር ከእጥፍ በላይ ሆኖ ዋናው ምግብ ፈጽሞ የለበትም። ውጤቱም በማሳው ላይ ይታያል፤ ቅጠሉ ለምለም ሆኖ ሰው ያስደስታል፤ ሲቆፈር ግን ሥሩ ቀጭን ይሆናል። ሁሉን በአንድ ቁና መስፈር ማለት ይህ ነው።

ከ2004 ዓ.ም. ጀምሮ የአገሪቱ አፈር በየወረዳው ሲጠና የጎደለው ምግብ ናይትሮጅንና ፎስፎረስ ብቻ አለመሆኑ ታወቀ። ድኝና ቦሮን የጎደላቸው፣ በአንዳንድ ቦታም ፖታሽ ያነሳቸው መሬቶች ተገኙ። ከዚህ የተነሣ ዳፕ በኤንፒኤስ ተተካ፤ ይህም ከመቶው 19 ናይትሮጅን፣ 38 ፎስፎረስና 7 ድኝ የያዘ ነው። ለውጡ መልካም ሆኖ ሳለ፤ ለእርድ ተካዩ የጎደለው ፖታሽ በዚህም ከረጢት ውስጥ አልገባም።

የኬረላውን ምክር በአገራችን ከረጢቶች እናሟላ ያለ ሰው ሒሳቡን እንደሚከተለው ያገኘዋል። 79 ኪሎ ኤንፒኤስ 30 ኪሎ ፎስፎረስና 15 ኪሎ ናይትሮጅን ይሰጣል፤ የቀረውን 15 ኪሎ ናይትሮጅን ለመሙላት 33 ኪሎ ገደማ ዩሪያ ይበቃል፤ ለ60 ኪሎ ፖታሽ ደግሞ ከመቶው 60 የሚይዘው ፖታሲየም ክሎራይድ 100 ኪሎ፣ ማለትም ሁለት ባለ 50 ኪሎ ከረጢት ያስፈልጋል። እንግዲህ ለእርድ ከሚያስፈልገው የከረጢት ክብደት ውስጥ ትልቁን ድርሻ የሚይዘው በተራው ገበሬ ዘንድ ብዙ የማይታወቀው ነው።

ፖታሽ ስለ ምን ተረሳ ቢባል ምክንያት አለው። በ1960 ዓ.ም. (በአውሮፓ አቆጣጠር 1968) መርፊ የተባለው የዓለማያ እርሻ ኮሌጅ ሊቅ ስለ ኢትዮጵያ አፈር ለምነት ያወጣው ጥናት በሰፊው ተነበበ፤ ከዚያም የአገሪቱ አፈር በፖታሽ የበለጸገ ነው የሚል እምነት ጸና። ያ እምነት ለብዙ ደጋ መሬት ሳይሠራ አልቀረም። ነገር ግን ዝናብ ለዘመናት ሲያጥበው የኖረ ቀይ አፈር፤ በላዩም በየዓመቱ ሥሩ ተነቅሎ ወደ ገበያ የሚሄድ ተክል ሲተከልበት፤ በአንድ ዘመን የነበረው ሀብት ለሁልጊዜ አይቆይለትም። የሚያሳዝነው ደግሞ ፖታሽ ከአገራችን ምድር የራቀ አለመሆኑ ነው። በዳሎል በረሓ የሚገኘውን የፖታሽ ክምችት ጣሊያኖች ከመቶ ዓመት በፊት ያውቁት ነበር፤ በኋላም ፓርሰንስ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ በ1950ዎቹ መርምሮታል፤ ከዚያም ወዲህ ሌሎች ኩባንያዎች ፈቃድ ወስደውበታል። በሌላ በኩል በነሐሴ 2017 ዓ.ም. በጎዴ የዩሪያ ፋብሪካ ለመትከል ከዳንጎቴ ኩባንያ ጋር ስምምነት ተፈርሟል፤ በዓመት 3 ሚሊዮን ቶን እንዲያመርት ታስቧል። ይህ ለአገር ትልቅ ተስፋ ነው። ሆኖም ዩሪያ ናይትሮጅን ብቻ ስለ ሆነ፤ ዩሪያ በበዛ ቍጥር የፖታሹን ጉዳይ ማሰብ የበለጠ ያስፈልጋል እንጂ አይቀርም።

በዚህ ላይ ነጋዴው የሚያነሣው ክርክር አለ፤ ክርክሩም ከንቱ አይደለም። «የማዳበሪያ ግዥ በአብዛኛው በመንግሥት የግብርና ሥራዎች ኮርፖሬሽን በኩል ይፈጸማል፤ ሥርጭቱም በኅብረት ሥራ ማኅበራት እጅ ነው፤ ለነጋዴው የተረፈው ሥራ ምንድር ነው?» ይላል። ስለ ኤንፒኤስና ስለ ዩሪያ ይህ እውነት ነው። የእርድ ማዳበሪያ ግን ከላይ እንደ ታየው መሠረቱ ፍግና ብስባሽ ነው። ብስባሽን ለማዘጋጀትና ለመሸጥ ከውጭ አገር ምንዛሪም፣ ከወደብ ተራም መጠበቅ አያስፈልግም። ጥሬ ዕቃው በነጋዴው ደጅ ወድቆ ይገኛል።

ለዚህ ከሐዋሳው ከአሞራ ገደል የተሻለ ማስረጃ አይገኝም። በየማለዳው ጀልባዎች ከሐይቁ ቆሮሶና አምባዛ ይዘው ይመጣሉ፤ ዓሣው እዚያው ይገፈፋል፤ ፊሌቶው ለሆቴሎችና ለነጋዴዎች ይሸጣል። ከአንድ ቆሮሶ ፊሌቶ የሚሆነው ከክብደቱ ሢሶ ገደማ ብቻ ነው፤ ጭንቅላቱ፣ አጥንቱ፣ ቅርፊቱና ሆድ ዕቃው ይጣላል። ከዚህ ጥቂቱን አባ ኮዳና ሌሎች አዕዋፍ ይበሉታል፤ ቦታውን ሊያይ የሚመጣ እንግዳም በእነርሱ ይደሰታል። የተረፈው ግን በዳርቻው ይሸታል፤ ዝናብ ሲጥልም ወደ ሐይቁ ይታጠባል። ሐዋሳ ሐይቅ ወደ ውስጡ ውሃ ይገባለታል እንጂ የሚወጣበት ወንዝ የለውም። ስለዚህ ወደ ሐይቁ የገባ ናይትሮጅንና ፎስፎረስ እዚያው ይከማቻል፤ ለማሳ ምግብ የነበረው ለሐይቁ በሽታ ይሆናል፤ ዓሣ አጥማጁም መልሶ ይጎዳበታል።

የዓሣ ትራፊ በናይትሮጅን የበለጸገ ነው፤ ከአጥንቱም ፎስፎረስና ካልሲየም ይገኛል፤ ፖታሽ ግን እምብዛም የለውም። ይህን ጉድለት የሚሞላው የቡና ገለፈት ነው፤ እርሱ በፖታሽ የታወቀ ነው፤ በሲዳማም የቡና መፈልፈያ ባለበት ሁሉ ተከምሮ ይታያል። አንዱ እርጥብ ሌላው ደረቅ፣ አንዱ የሚሸት ሌላው ሽታን የሚውጥ፣ አንዱ በናይትሮጅን ሌላው በፖታሽ የከበረ ስለ ሆነ፤ ሁለቱ ተቀላቅለው ቢበሰብሱ አንዱ ለብቻው የማይሰጠውን ይሰጣሉ። ሁለቱን ያገናኘ ነጋዴ ከሁለት ቆሻሻ አንድ ሸቀጥ አወጣ ማለት ነው።

ሥራው ጥንቃቄ አለው። ትራፊው ትኩስ ሆኖ ማሳ ላይ ቢበተን ውሻና ጅብ ይስባል፤ ተክሉንም ያቃጥላል። ስለዚህ አንድ እጅ ትራፊ ከብዙ እጅ ገለፈትና አፈር ጋር በየመደቡ እየተነጠፈ መሸፈን፣ በየጊዜው መገላበጥና ሽታው ፈጽሞ እስኪጠፋ ድረስ ወራት መጠበቅ ያሻል። ፖታሽ በውሃ በቀላሉ ስለሚታጠብ ክምሩ ጣራ ሊኖረው ይገባል፤ በክረምት ሜዳ ላይ የተተወ ብስባሽ ዋናውን ሀብቱን አጥቶ ይቆያል። አመድም በፖታሽ የበለጸገ ነው፤ ግን ከትኩሱ የዓሣ ትራፊ ጋር ከተደባለቀ ናይትሮጅኑን ወደ አየር ስለሚያባርረው ብስባሹ ከበሰለ በኋላ ለብቻው ማሳ ላይ ቢደረግ ይሻላል። ቦታውም ከሐይቁ ዳርቻ የራቀ መሆን አለበት፤ አለዚያ ከአንዱ ጉዳት ወጥቶ ወደ ሌላው መግባት ይሆናል።

ነጋዴ ሊዘነጋው የማይገባ ሌላ ነገር አለ፤ ብስባሽ ክብደቱ ብዙ፣ ዋጋው ጥቂት ስለ ሆነ ረጅም መንገድ አይችልም። የአሞራ ገደል ብስባሽ ተጭኖ ቴፒ ይድረስ ማለት ትርፉን ለነዳጅ መክፈል ነው። የሐዋሳው ብስባሽ በሐዋሳ ዙሪያና በአቅራቢያው ባሉ ሞቃት ቦታዎች እርድ፣ ዝንጅብል፣ በርበሬና አትክልት ለሚተክል ሰው ይሁን። በሸካና በቤንች ሸኮ ያለው ነጋዴ ደግሞ በዚያው ካለው የቡና ገለፈትና የከብት ፍግ የራሱን ያዘጋጅ። ከሐዋሳ ወደ ቴፒ መሄድ ያለበት ዕውቀቱ እንጂ ጭነቱ አይደለም። ከሩቅ የሚመጣውና የትራንስፖርት ዋጋ የሚችለው የፖታሽ ከረጢት ነው፤ አስመጪውም ፈቃዱና መንገዱ በተገኘ ጊዜ ሊያስብበት የሚገባው ይህንኑ ነው።

ማዳበሪያው በትክክል ቢመረጥም አፈሩና ዝናቡ የራሳቸው ሕግ አላቸው። ከአገሪቱ የሚታረስ መሬት ከመቶ 40 ያህሉ በአሲድነት የተጎዳ ሲሆን፤ ዝናብ የሚበዛባቸው የምዕራብና የደቡብ ምዕራብ ወረዳዎች በዚህ ይታወቃሉ። በእንዲህ ያለ አፈር የተጨመረው ፎስፎረስ በብረትና በአሉሚኒየም ተይዞ ለተክሉ ሳይደርስ ይቀራል፤ ዩሪያም በተደጋገመ ቍጥር አሲዱን ያብሳል። ስለዚህ በመጀመሪያ ኖራ፣ ከወር በኋላ ፍግና ማዳበሪያ የሚለው ሥርዓት መጠበቅ አለበት። ዝናቡም ናይትሮጅኑን ጠራርጎ እንዳይወስደው ዩሪያው በአንድ ቀን ሳይበተን ከተከላ በኋላ በአንደኛውና በሁለተኛው ወር ተከፍሎ ይሰጣል፤ ፖታሹም ግማሹ በተከላ ጊዜ፣ ግማሹ በሁለተኛው ወር ይደረጋል። መደቡን በሣርና በቅጠል ማልበስም አፈሩን ከዝናብ ይጠብቃል፤ ሲበሰብስም ምግብ ይሆናል።

ማዳበሪያ የማያድነው ነገር መኖሩም ሊነገር ይገባል። በ2004 ዓ.ም. በደቡብ የዝንጅብል ማሳዎች ላይ የወረደው የአጠውልግ በሽታ ብዙ ገበሬና ብዙ ነጋዴ ባዶ እጁን አስቀርቷል። በሽታው በባክቴሪያ የሚመጣና በተበከለ ዘርና አፈር የሚተላለፍ ስለ ሆነ በማንኛውም ከረጢት አይፈወስም። እርድ የዝንጅብል ዘመድ ነውና፤ ንጹሕ ዘር መምረጥና ማሳን ማፈራረቅ ከማዳበሪያ ምርጫ አስቀድሞ የሚመጣ ግዴታ ነው። «ይህን ጨምር፤ በሽታም ይጠፋልሃል» እያለ የሚሸጥ ባለሱቅ ቢኖር የአንድ ቀን ገቢ አግኝቶ የብዙ ዓመት ደንበኛ ያጣል።

እንግዲህ ከነጋዴው ወገን የሚፈለገው አራት ነገር ነው። ባለሱቁ እርድን በስሙ እርድ፣ ሱፍን ሱፍ፣ ሳፍሮንን ሳፍሮን ብሎ ይሽጥ፤ ማዳበሪያ ሊገዛ የመጣውንም ገበሬ ምን እንደሚተክልና አፈሩ ተመርምሮ እንደ ሆነ ይጠይቀው። ብስባሽ የሚያዘጋጅ ነጋዴ በከረጢቱ ላይ ከምን እንደ ተሠራና በየትኛው ወር እንደ በሰለ ይጻፍበት። ላኪው ለገበሬው የሚከፍለውን ዋጋ በክብደት ብቻ ሳይወስን በሥሩ ውፍረትና በቀለሙ ጥራት ለይቶ ይክፈል፤ ገበሬው ስለ ፖታሽ የሚያስበው ልፋቱ በዋጋ ሲታይለት ነውና። በሐዋሳ ያሉ ነጋዴዎችም ከአሞራ ገደል ዓሣ አጥማጆችና ከቡና መፈልፈያ ባለቤቶች ጋር ተነጋግረው፤ ለአዕዋፉ ድርሻቸውን ትተው፣ የተረፈውን የሚሰበስብ አንድ ማኅበር ያቋቁሙ።

ይህ የሚጠይቀው ገንዘብ ብዙ አይደለም፤ የሚጠይቀው የዕቃን ተፈጥሮ ማወቅ ነው። ገበሬው በማሳው የሚያጣውን ፖታሽ ላኪው በሚዛኑ፣ ባለሱቁ በደንበኛው፣ ሐይቁም በውሃው ጥራት ይከፍሉታል። ከሁሉም አስቀድሞ ሊያስተካክለው የሚችለው፤ በገበሬውና በከረጢቱ መካከል የቆመው ነጋዴ ነው።